ደመወዝተኛው ወዴት እየሄደ ነው?

«የተማረ ይግደለኝ» ይል የነበረው ያገራችን ሰው የተማረ ሁሉ ደግ ነው ብሎ አልነበረም። የተማረ ልጅ የመንግሥት ወንበር እንደሚያገኝ፥ ወር በገባ ቁጥር የማይቋረጥ ደመወዝ እንደሚቀበል፥ ከዚያም ላይ ቆርሶ እናቱን እንደሚጦርና ታናናሾቹን እንደሚያስተምር ስላየ ነው። ዛሬ ግን በባሕር ዳር አደባባይ ቆሞ ይህን አባባል የሚደግም ሰው ቢገኝ ሰሚው የሚስቅበት ይመስለኛል። የተማረውን ራሱን ኑሮ ሊገድለው ደርሷልና፥ እሱ ደግሞ ማንን ሊገድል ይችላል?

ውድ አንባብያን! በፔዳም ሆነ በፖሊ ግቢ ከእራት በኋላ የሚነሣው ጨዋታ አንድ ሆኗል። አንዱ «ብመረቅ ምን አገኛለሁ?» ይላል፤ ሁለተኛው ፓስፖርት ስለ ማውጣት ያወራል፤ ሦስተኛው ትምህርቱን ትቶ ባጃጅ የገዛ የሰፈሩን ልጅ ያነሣና «እሱ ነው ብልጥ» ብሎ ወሬውን ይዘጋል። እኔም ብዙ ጊዜ አብሬ ስቄአለሁ። ነገር ግን ሳቁ ካለፈ በኋላ አንድ ጥያቄ ይቀራል። እኛ የምንማረው ለየትኛው ወንበር ነው? ወንበሩስ በቦታው አለን?

ነገሩን ከቤቴ ልጀምር። አባቴ መምህር ነበር። እዚሁ ከተማ ካለው የፔዳጎጂ አካዳሚ በ1970ዎቹ ተመርቆ ሲቀጠር፥ ዲግሪ ይዞ ለሚገባ ሠራተኛ እንደ ተለመደው በወር 500 ብር ተቆረጠለት። በዚያን ጊዜ አንድ የአሜሪካ ዶላር በ2 ብር ከ7 ሳንቲም ይመነዘር ስለ ነበር፥ ደመወዙ ከ240 ዶላር በላይ ነበር ማለት ነው። ብስክሌት ገዛ፤ ራዲዮ ገዛ፤ ከባልንጀሮቹ ጋር በቤት ሠሪዎች ማኅበር ገብቶ በነጻ በተሰጠው መሬት ላይ ጭቃ ቤት ሠራ፤ ስድስት ልጆች አሳደገ። ሀብታም አልነበረም። ነገር ግን ባለሱቁ «ጋሼ» ብሎ ሲጠራው አፍሮ አያውቅም፤ ዱቤውንም ደመወዝ በወጣ ማግሥት ይከፍል ነበር።

ታላቅ ወንድሜ ሁለተኛ ዲግሪ አለው። እሱም መምህር ነው። ሽምብጥ አካባቢ አንዲት ክፍል ተከራይቶ ይኖራል። ለማግባት ካሰበ አራት ዓመት ሆነው። ብስክሌቱም የአባታችን ናት። ዕቁቡን ባለፈው ዓመት አቆመ፤ «ለዕቁብ የሚተርፍ ካለኝ ለምን ሥጋ አልበላም?» አለኝና ሁለታችንም ዝም አልን። ታዲያ ልጁ ከአባቱ ይልቅ ተምሮ፥ ከአባቱ ይልቅ ደክሞ፥ ከአባቱ በታች የወረደው ስለ ምንድን ነው? ሰነፍ ስለ ሆነ ነውን?

ወደ ኋላ ተመልሰን ባሕር ዳር ራስዋ እንዴት እንደ ተሠራች እንመልከት። ይህች ከተማ የነጋዴ ከተማ ሆና አልጀመረችም። በ1950ዎቹ መጀመሪያ ከኢጣልያ በተገኘው የጦርነት ካሳ የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካው ተተከለ። በ1955 ዓ.ም በሶቭየት መንግሥት ርዳታ የፖሊቴክኒክ ትምህርት ቤቱ ተከፈተ። ከዚያም በተባበሩት መንግሥታት ድርጅቶች ድጋፍ የፔዳጎጂ አካዳሚው ተቋቋመ፤ ሁለቱም ተዋሕደው በ1992 ዓ.ም የዛሬው ዩኒቨርሲቲ ሆኑ። እንግዲህ የከተማይቱ መካከለኛ ክፍል ማለት የፋብሪካው ቴክኒሽያን፥ የፖሊው አስተማሪ፥ የሆስፒታሉ ነርስ፥ የባንኩና የመሥሪያ ቤቱ ጸሐፊ ማለት ነበር። ያሳደገው መሬት ወይም ውርስ አልነበረም፤ ትምህርትና ደመወዝ ነው። ደመወዙ ሲሟሟ ክፍሉም አብሮ ይሟሟል። ነጋዴ ዕቃው ቢወደድበት ዋጋውን ነገ ጧት ይለውጣል፤ ገበሬም ጤፉን ይዞ ይቆያል። ደመወዝተኛ ግን የሚሸጠው ጊዜውን ነው። ጊዜ ደግሞ በጎተራ አይቀመጥም፤ ዋጋውንም የሚወስነው ሌላ ነው።

አዋቂዎች ይህን ሁሉ «ኒዮሊበራሊዝም» በሚል ቃል ይጠሩታል። ቃሉ ለእኛ አዲስ አይደለም። በኢሕአዴግ ዘመን በየሥልጠናውና በየስብሰባው እንደ ስድብ ሲነገር የሰማነው ነው፤ አቶ መለስ ዜናዊም መንገዱ ለአፍሪካ እንደማይበጅ ጽፈው ነበር። ትርጉሙ ግን ስድብ አይደለም። መንግሥት ከገበያ እጁን ያውጣ፤ ድጎማ ይነሣ፤ የመንግሥት ድርጅቶች ይሸጡ፤ ገንዘብና ዕቃ ድንበር ሳያግዳቸው ይዘዋወሩ፤ ዋጋን ገበያው ይወስን የሚል ሐሳብ ነው። በቺሌ ከ1973፥ በእንግሊዝ ከ1979፥ በአሜሪካ ከ1981 (እ.ኤ.አ.) በኋላ በሥልጣን ላይ ተቀመጠ። ለደሀ አገሮች ደግሞ ከብድር ጋር ታሽጎ «የመዋቅር ማስተካከያ» ተብሎ መጣ። እኛም ዘንድ በ1985 ዓ.ም መጀመሪያ ዶላር ከ2 ብር ከ7 ሳንቲም በአንድ ቀን ወደ 5 ብር ሲወጣ የአባቴ 500 ብር ከ240 ወደ 100 ዶላር ወረደ። የዚያን ቀን አባቴ አንድም ሰዓት ሥራ አልቀነሰም፤ አንድም ተማሪ አልተወም።

ነገር ግን እውነቱን ለመናገር ጥፋቱን ሁሉ በአንዲት ቃል ላይ መጫን ለኅሊና አይመችም። ከዚያ በኋላ የመጣው «ልማታዊ መንግሥት» የገንዘብ ድርጅቱን ምክር ሁሉ አልተቀበለም። ጆሴፍ ስቲግሊትዝ የዓለም ባንክ ዋና የኤኮኖሚ ሊቅ በነበረበት ጊዜ በ1997 (እ.ኤ.አ.) ወደ አገራችን መጥቶ፥ ባንኮችን ለውጭ አንከፍትም ያለውን መንግሥት ደግፎ የገንዘብ ድርጅቱን እንደ ተከራከረ የታወቀ ነው። መንገድ ተሠራ፤ ግድብ ተገደበ፤ ዩኒቨርሲቲዎች ተከፈቱ፤ እኔም የዚያ ፍሬ ነኝ። ሆኖም ለዚህ ሁሉ ከከፈሉት አንዱ ዝምተኛው ቆጣቢ ነበር። በ2014 ዓ.ም የዋጋ ንረቱ በዓመት ከመቶ 30 ሲያልፍ፥ ባንክ ለቆጣቢ እንዲከፍል የታዘዘው ዝቅተኛ ወለድ ከመቶ 7 ነበር። መቶ ብር ያስቀመጠች ነርስ በዓመቱ 107 ብር ወሰደች፤ በመቶ ብር ይገዛ የነበረው ግን 130 ብር ሆኗል። ከዚያው ባንክ ተበድሮ ሕንፃ ያቆመው ሰው ደግሞ በረከሰ ብር ዕዳውን ከፍሎ ሕንፃውን አስቀረ። እንግዲህ የነርሷ ቁጠባ ወደ ሕንፃው ግድግዳ ገባ ማለት ነው። ይህን ያደረገው ነጻ ገበያ አልነበረም፤ የእኛው አሠራር ነው።

ሁለተኛው መድኃኒት የመጣው በዚህ በደከመ ሰውነት ላይ ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ተለቀቀ። በዚያው ሰሞን የገንዘብ ድርጅቱ የ3.4 ቢሊዮን ዶላር፥ የዓለም ባንክም የ1.5 ቢሊዮን ዶላር ድጋፍ ፈቀዱ። ባንክ ቤት 57 ብር የነበረው ዶላር በጥቂት ሳምንታት ከ100 ብር አለፈ፤ በዓመቱም ከ130 በላይ ሆነ። በ2014 ማገባደጃ ሊትሩ 37 ብር ያህል የነበረው ቤንዚን ድጎማው ደረጃ በደረጃ ሲነሣ በ2017 አጋማሽ 100 ብርን ተሻገረ። በታኅሣሥ 2017 ባንኮች ለውጭ ባለሀብት እንዲከፈቱ አዋጅ ጸደቀ፤ በጥር የአክሲዮን ገበያ ተመረቀ።

የዚህ መንገድ ደጋፊዎች የሚሉት ሐሰት አይደለም፤ ስለዚህ ልንሰማቸው ይገባል። «ዶላር በባንክ 57፥ በጥቁር ገበያ እጥፍ በሆነበት ጊዜ ልዩነቱን የሚበላው ማን ነበር? ሰው ያለው አስመጪና ባለሥልጣን አልነበረምን? ቡናውን ለውጭ ገበያ ያቀረበው ገበሬ በርካሽ ምንዛሪ ሲዘረፍ አልኖረምን?» ይሉናል። ልክ ነው፤ ሲዘረፍ ኖሯል። ክርክሬ በሽታ አልነበረም የሚል አይደለም። በሽታው የሁላችን ሆኖ ሳለ መድኃኒቱን ባዶ ሆዱን የዋጠው ለምን አንዱ ክፍል ብቻ ሆነ ነው የምለው። ዶላር ያለው ዶላሩ ተባዛለት። ቤት ያለው ኪራይ ጨመረ። ሱቅ ያለው ዋጋ ለጠፈ። ደመወዝተኛው አዋጅ ጠበቀ።

አዋጁም መጣ። በ2017 ዓ.ም መጀመሪያ በተደረገው ጭማሪ የዝቅተኛው ሠራተኛ ደመወዝ ከ1,500 ወደ 4,760 ብር ሲያድግ፥ የከፍተኛው ከ20,468 ወደ 21,492 ብር፥ ማለት ከመቶ 5 ብቻ አደገ። ለዘበኛውና ለጽዳት ሠራተኛዋ መጨመሩ የሚያስመሰግን ነው፤ በዚህ የሚቀና የተማረ ሰው ካለ ትምህርቱ አልጠቀመውም። ነገር ግን ሒሳቡን እንይ። ቀድሞ ከላይኛው እስከ ታችኛው ደመወዝ ከ13 እጥፍ በላይ የነበረው ርቀት ወደ አራት እጥፍ ተኩል ወረደ። ደመወዝተኞች እርስ በርሳችን ተቀራረብን፤ የተቀራረብነው ግን ሸለቆው ውስጥ ነው። ከተራራው ላይ ያለው፥ ደመወዝ የሚባል ነገር የማያውቀው፥ ጭራሽ ራቀን። በአንድ መሥሪያ ቤት ውስጥ እኩልነት እየጨመረ በአንድ ከተማ ውስጥ ሊቀንስ እንደሚችል ከዚህ የበለጠ አስረጂ አላየሁም።

ከመስከረም 2018 ጀምሮ ደግሞ ሌላ ጭማሪ ተደረገ። ዝቅተኛው 6,000፥ ከፍተኛው 39,000፥ የመጀመሪያ ዲግሪ ይዞ የሚቀጠረው መነሻ ደግሞ ከ6,940 ወደ 11,500 ብር ሆነ። ያለ ጥርጥር ትልቅ ጭማሪ ነው። ግን እኛ ተመራቂዎች የምንሆነውን ይህን 11,500 ብር ወረቀት አውጥተን እናስላው። በአዲሱ የግብር አዋጅ መሠረት 2,100 ብር ግብር፥ 805 ብር ጡረታ ሲቀነስ እጃችን የሚገባው 8,595 ብር ነው። ሳይቀነስ እንኳ አንዱን ዶላር በ140 ብር ብናሰላው ከ82 ዶላር ብዙ አይርቅም። አባቴ በዚያ ዘመን ያገኘው የሦስት እጁ አንድ እጅ ማለት ነው። የደርግን ዘመን አላመሰግንም፤ ግድያውን፥ እስሩን፥ የግዳጅ ዘመቻውንና የቀበሌውን ሰልፍ አባቴ ራሱ ነግሮኛል። ያ ሁሉ በነበረበት አገር መምህር የሦስት እጥፍ መምህር ነበር የምለው እንድናፍር ነው።

ስለ ግብሩም አንድ ነገር ልጨምር፤ ይህን ጉዳይ ብዙዎቻችን አናስተውለውም። በ2008 ዓ.ም በወጣው አዋጅ ከፍተኛው የ35 ከመቶ ግብር የሚጀምረው ከ10,900 ብር በላይ ነበር። ያን ጊዜ 10,900 ብር 500 ዶላር ያህል ስለ ሆነ የሚነካው ጥቂት ባለ ትልቅ ደመወዝ ብቻ ነበር። አዋጁ ዘጠኝ ዓመት ሳይነካ ቆየ፤ ብሩ ግን ረከሰ። በ2017 አጋማሽ ያው 10,900 ብር ከ90 ዶላር አይበልጥም ነበር። ማንም ምክር ቤት ሳይሰበሰብ፥ ማንም እጁን ሳያወጣ፥ ለሀብታም የተሰፋው የግብር ልብስ ለመምህሩ ተጠለቀለት። በ2017 ማብቂያ የወጣው ማሻሻያ ነጻውን ወለል ከ600 ወደ 2,000፥ ከፍተኛውን መነሻ ወደ 14,000 ብር አደረሰው። በ140 ምንዛሪ 14,000 ብር 100 ዶላር ነው። ስለዚህ በወር ከመቶ ዶላር በላይ ያገኘ ደመወዝተኛ ከዚያ በላይ ባገኘው እያንዳንዱ ብር ላይ የሚከፍለው እጅ፥ ታላቁ የኩባንያ ሥራ አስኪያጅ ከሚከፍለው እጅ ጋር አንድ ነው። ከአክሲዮን ትርፍ የሚካፈለው ባለሀብት ግን በድርሻው ላይ የሚከፍለው ከዚህ ያነሰ እጅ ነው። ድርጅቱ አስቀድሞ የትርፍ ግብር ከፍሏል ይሉናል፤ ይሁን። ደመወዝተኛው ግን ሒሳቡን የሚያሳንስበት መዝገብ እንኳ የለውም፤ ግብሩ ገና እጁ ሳይገባ ይቆረጣል።

እስቲ አሁን ወደ ጣና ዳር እንውረድ። ማታ ማታ በሐይቁ ዳር ስንሄድ መብራታቸው ውኃው ላይ የሚጨፍር ሆቴሎችና መዝናኛዎች እናያለን። ግንቦት 2016 የተመረቀው 380 ሜትር የሚረዝመው የዓባይ ድልድይም ለዓይን ያምራል። ከተማችን ማማሯ ደስ ይለኛል። ነገር ግን የከተማ መሬት በሊዝ ጨረታ ከሆነ ወዲህ፥ በተለይም ከ2004 ዓ.ም አዋጅ በኋላ፥ በደመወዙ ተጫርቶ የሚያሸንፍ መምህር የት አለ? አባቴ እንደ ማንኛውም ዜጋ በማኅበር የጠየቀው መሬት ዛሬ ወንድሜ በጨረታ ወረቀት ላይ የሚያነበው ቁጥር ሆኗል። በዚያው ሐይቅ ላይ ከደንገል በሠራት ታንኳ ቆሮሶና አምባዛ የሚያጠምደው ሰው ደግሞ ወደ ዳር ሲመለስ የሚያርፍበት ቦታ በየዓመቱ እየጠበበ ነው። ከላይ እንቦጭ ውኃውን፥ ከታች አጥር ዳሩን ወሰደበት። እንቦጭም ቢሆን ሲያብብ ያምራል፤ ሐምራዊ አበባውን ብቻ አይቶ የሚያደንቅ እንግዳ ሥሩ ምን እንደሚጠጣ አያውቅም።

በዚህ ላይ ከ2015 ዓ.ም ማብቂያ ጀምሮ በክልላችን የተነሣው ጦርነት አለ። መንገድ ተዘጋ፤ ብዙ ትምህርት ቤቶች ተዘጉ፤ የዑራ ኪዳነ ምሕረትን ሥዕልና የጢስ ዓባይን ፏፏቴ ሊያይ የሚመጣው ጎብኚ ቀረ፤ በጀልባና በአስጎብኚነት የሚተዳደረው ወጣት እጁን አጣጥፎ ተቀመጠ። ጦርነቱን የገንዘብ ድርጅቱ አላመጣውም። ነገር ግን በጦርነት መካከል ድጎማ ማንሣትና ብርን መልቀቅ፥ ጎርፍ በመጣበት ሰሞን ጣራ እንደ መግፈፍ ነው።

ይህ የእኛ ብቻ ዕጣ አይደለም። የኤኮኖሚ ሊቁ ብራንኮ ሚላኖቪች ባሳየው መሠረት ከ1980ዎቹ (እ.ኤ.አ.) መጨረሻ ወዲህ ባሉት ሃያ ዓመታት ከዓለም ገቢ ዕድገት የተጠቀሙት በተለይ የእስያ መካከለኞችና የዓለም ቱጃሮች ሲሆኑ፥ የምዕራቡ ዓለም ሠራተኛና ዝቅተኛ መካከለኛ ክፍል ባለበት ቆሞ ቀረ። ልብ በሉ! የቻይና መካከለኛ ክፍል ያደገው መንግሥት እጁን ሳያወጣ ነው። ስለዚህ «ሌላ መንገድ የለም» የሚለን ሁሉ ወይ አላነበበም፥ ወይ እንድናነብ አይፈልግም።

«መካከለኛው ክፍል ቢወድቅስ ምን ይሆናል? ገበሬው ከእሱ የባሰ ደሀ አይደለምን?» የሚል ወንድም ይኖራል። ጥያቄው ተገቢ ነው። መልሴ ይህ ነው። ደመወዝተኛ የገበሬው ልጅ መሰላል ነው። የመምህሩ ሆድ ሲጎድል የሚጎዳው መምህሩ ብቻ አይደለም፤ ሌላ ትምህርት ቤት መምረጥ የማይችለው የገበሬ ልጅ ነው። በ2014 እና በ2015 ዓ.ም የ12ኛ ክፍል ፈተና ከወሰዱት ግማሽ ነጥብ ያመጡት ከመቶ ሦስት ያህሉ ብቻ መሆናቸውን አንርሳ። ጸሐፊው ሲራብ ጉቦ መብላት ይጀምራል፤ ጉቦውንም የሚከፍለው ያው ገበሬ ነው። ሐኪሙ ሲሰደድ በሽተኛው አብሮት አይሰደድም። መሰላሉ ሲሰበር ከላይ ያለው ላይወርድ ይችላል፤ ከታች ያለው ግን በእርግጥ አይወጣም።

ታዲያ ምን ይደረግ? ማልቀስ የተማሪ ሥራ አይደለም፤ ስለዚህ አሳቤን በአጭሩ ላቅርብ።

አንደኛ፥ የደመወዝም ሆነ የግብር እርከን በየዓመቱ ከዋጋ ንረቱ ጋር አብሮ እንዲሄድ በሕግ ይደንገግ። ችሮታ አንለምንም፤ ሚዛኑ እንዳይሰረቅ ነው የምንጠይቀው።

ሁለተኛ፥ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 42 ሥራቸው የሚፈቅድላቸውና ከተወሰነ የኃላፊነት ደረጃ በታች ያሉ የመንግሥት ሠራተኞች በማኅበር የመደራጀት መብት እንዳላቸው ይናገራል። በ2011 ዓ.ም የወጣው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅም ዝቅተኛ የደመወዝ ወለል የሚወስን ቦርድ እንዲቋቋም ደንግጓል። በኅዳር 2015 የዩኒቨርሲቲ መምህራን፥ በግንቦት 2017 የጤና ባለሙያዎች የኑሮ ጥያቄ አንሥተው ሥራ እስከ ማቆም ደረሱ፤ ከጤና ባለሙያዎቹ መካከል የታሰሩም ነበሩ። የሚናገርበት ሕጋዊ አፍ የሌለው ሠራተኛ ወይ ይጮኻል ወይ ይሰደዳል። የተጻፈው መብት ከወረቀት ይውረድ።

ሦስተኛ፥ መሬት ሁሉ ለጨረታ አይሁን። ለመኖሪያ ቤት ማኅበራት የሚሰጠው ድርሻ ይስፋ፥ የሐይቁም ዳር ለእግረኛውና ለአጥማጁ የጋራ ሆኖ ይጠበቅ።

አራተኛው የእኛ ሥራ ነው። የተማሪዎች ማኅበራችን በየወሩ ወደ ቅዳሜ ገበያ ሰው ልኮ የጤፉን፥ የዘይቱን፥ የሽሮውን፥ የአንዲት ክፍል ኪራዩን ዋጋ ይመዝግብ፤ ከአንድ ጀማሪ መምህር ደመወዝ ጋር እያስተያየም በዚህ መጽሔት የመጨረሻ ገጽ ላይ ያትም። ወረቀትና እርሳስ፥ ጥቂትም ጫማ ይበቃል። ስድብና ጭብጨባ በነፋስ ይሄዳሉ፤ በወር በወሩ የተጻፈ ቁጥር ግን ለባለሥልጣኑም ለዓለም ባንኩም እንግዳ ሰው ፊት ለፊት የሚቀመጥ ምስክር ነው።

ባለፈው እሑድ አባቴን ልጠይቅ ሄጄ ነበር። ብስክሌቷን ግቢ ውስጥ ገልብጦ ለወንድሜ ጎማዋን ይለጥፍ ነበር። «ተምረህ ስትጨርስ አዲስ ትገዛለህ» አለኝ። ምን ብዬ እንደምመልስለት አጣሁ፤ ዝም ብዬ ፓምፑን አቀበልኩት። ይህን ጽሑፍ የጻፍኩት መልሱን ስፈልግ ነው። ደመወዝ የሚለውን ቃል አባቶቻችን ከደምና ከወዝ ጋር አያይዘው ያስረዱናል። ደማችንን ልንሰጥ፥ ወዛችንንም ልናፈስ ተዘጋጅተናል። የምንጠይቀው ዋጋው እንዳይቀር ነው።